የሸዋል ኢድ ጌጥ በቀድሞው የገዥ ቤት

በሐረር ጁገል፣ በግንብ በታጠረው አሮጌው ከተማ፣ ከቀድሞ የገዥ መኖሪያዎች በአንዱ፣ ሐረሪዎች ከረመዳን በኋላ የስድስት ቀን ጾም ፈጽመው ለሚያከብሩት ለሸዋል ኢድ የተዘጋጀውን ጌጥ ሁለት ጊዜ አይቼዋለሁ፤ በበዓሉ ምሽት ከሰው ብዛት የተነሣ ከደጃፉ ብዙም ስላላለፍሁ፣ በማግሥቱ ጠዋት ቤቱ ጭር ባለ ሰዓት ተመለስሁ። ሥራውን ያለ ክፍያ በፈቃዳቸው የሠሩት በከተማው ተወልደው ያደጉ አንዲት ወይዘሮ ናቸው።

የሐረሪ ቤት በራሱ ያጌጠ ነው። በቀይ አፈር የተቀባው ነደባ (እንደ ደረጃ ከፍ ዝቅ ብሎ የተሠራው መቀመጫ)፣ በግድግዳው ውስጥ የተቀረጹት መደርደሪያዎች፣ ከላይ እስከ ታች የተሰቀሉት ስፌቶችና ሳሕኖች የእመቤቲቱን ሙያና የቤተሰቡን ማዕረግ ይናገራሉ። ይህ የገዥ ቤት ግን ረጃጅም መስኮቶችና የእንጨት ሰገነት ያሉት፣ በሕንድ ግንበኞች አሠራር የታነጸ ስለሆነ ነደባም ሆነ የግድግዳ መደርደሪያ የለውም። አስጌጣለሁ የሚል ሰው ግድግዳውን በምስማር ይበሳሳል፤ አለዚያም አዳራሹን በፊኛ ሞልቶ ይወጣል። ወይዘሮዋ ከሁለቱም ርቀው፣ ከግድግዳው አንድ ክንድ ያህል ፈቀቅ ብሎ በራሱ የሚቆም የእንጨት ማዕቀፍ አሠርተው ስፌቶቹን በዚያ ላይ ሰቅለዋል። ከየጎረቤቱ በውሰት የመጡት ሙዳዮችና ሰፌዶች በመጠናቸው ሳይሆን በስፌታቸው ዘይቤ መደርደራቸው ዓይንን ከአንዱ ወደ ሌላው ሳያደናግር ይመራል።

ከሁሉ ያስደነቀኝ ግን ወይዘሮዋ ለበዓሉ ያሠሩት ነደባ ነው። በሐረሪ ቤቶች ያለው የነደባ ቀይ አፈር በ1879 ዓ.ም. የምኒልክ ጦር የሐረርን አሚር ድል ባደረገበት በጨለንቆ ጦርነት የወደቁትን ሐረሪዎች ያስታውሳል የሚሉ የከተማው ሰዎች ጥቂት አይደሉም፤ ከዚያ ጦርነት በኋላ የተሾሙ ገዥዎች በኖሩበት አዳራሽ ቀይ ነደባ መሥራት፣ ሳያስቡ ቢያደርጉት፣ ሽማግሌዎችን የሚያስቀይም ነገር ነው። ወይዘሮዋን ስለዚህ ጉዳይ ስጠይቃቸው አስበውበት እንደነበረ ነገሩኝ፤ ደረጃዎቹን በሳንቃ አሠርተው አፈር ሳያስነኩ ባልተቀባው እንጨት ላይ ምንጣፍ ብቻ ያነጠፉትም ለዚህ ነው። የአቀማመጡን ሥርዓት ጠብቀው፣ ሐዘኑን ግን በየቤቱ ላሉት ለእውነተኞቹ ነደባዎች ትተውታል። እኔ እንደዚህ ያለ ማስተዋል፣ ደመወዝ ተከፍሏቸው በዓል በሚያስጌጡ ባለሙያዎች ዘንድ አላየሁም።

የማልወድደው ነገር አልጠፋም። በሰገነቱ ዙሪያ የተጠመጠመው ብልጭ ድርግም የሚል መብራት የእንጨቱን ቅርጽ ከዓይን ሰውሮታል፤ የወረቀት አበባዎቹም ከስፌቱ አጠገብ ሲታዩ ርካሽ ናቸው። ሸዋል ኢድ በ2016 ዓ.ም. በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ከሰፈረ ወዲህ እንግዳው ስለ በዛ፣ ስፌቶቹ በማን እጅ እንደ ተሰፉና ስማቸው ምን እንደ ሆነ የሚገልጽ አነስተኛ ጽሑፍ ያስፈልግ ነበር፤ አጠገቤ የቆሙ ከድሬዳዋ የመጡ ቤተሰቦች የሚያስረዳቸው ባለማግኘታቸው ስፌቱን ሁሉ መሶብ እያሉ አለፉ። (ልጃቸው ግን አንዱን ሙዳይ ከፍቶ ሊያይ ሲል በጊዜ ተያዘ፤ በውሰት የመጣ ዕቃ ያለ መከለያ ማስቀመጥ ድፍረት ይጠይቃል።)

መግቢያው በነጻ ነው። ማየት የሚፈልግ ሰው በበዓሉ ምሽት ሳይሆን በማግሥቱ ማለዳ፣ ብርሃኑ በምሥራቁ መስኮት ገብቶ ስፌቶቹ ላይ በሚያርፍበት ሰዓት ቢሄድ ይሻለዋል፤ መብራቱም በዚያ ሰዓት ጠፍቶ ይቆያል።