ሐኪሙ ይሻላል ዐቃቤ ሕጉ?

ሁለቱም ፊልሞች ላይ በግድያ የሚጠረጠረው ተዋናዩ ሃሪሰን ፎርድ ነው። «ፕሪዙምድ ኢኖሰንት» ላይ (1990 እ.ኤ.አ.) ዐቃቤ ሕግ፣ «ዘ ፊውጂቲቭ» ላይ (1993) ደግሞ ቀዶ ሐኪም።

ዘ ፊውጂቲቭ ሰውዬው ሚስቱን እንዳልገደለ ገና ከጅምሩ ያሳይሃል፤ ጭንቀቱ ያመልጥ ይሆን ወይ ነው። የእስረኞቹን አውቶቡስ የሚገጨው ባቡር የእውነት ባቡር ነው፣ የኮምፒውተር ሥራ እንዳይመስልህ። እኔን የያዘኝ ግን ሌላ ቦታ ነው፦ ፖሊስ እያሳደደው፣ የጽዳት ሠራተኛ መስሎ ሆስፒታል ገብቶ፣ የአንድ የተጎዳ ልጅ ራጅ ያይና ቶሎ ቀዶ ሕክምና እንዲገባ ወረቀቱን ይለውጥለታል። በዚያ ሁሉ መሀል ሐኪምነቱ አልለቀቀውም! አሳዳጁ ቶሚ ሊ ጆንስም በዚህ ፊልም ኦስካር ወስዷል፣ ሲያንሰው ነው።

ፕሪዙምድ ኢኖሰንት ሩጫ የለውም፣ ቀዝቀዝ ያለ የፍርድ ቤት ፊልም ነው። የተገደለችው የሥራ ባልደረባው ናት፣ ምርመራውን እንዲመራ የሚታዘዘው ራሱ ነው፣ በድብቅ ግን ከእሷ ጋር ግንኙነት ነበረው። ከዚያ ቤቷ በተገኘ ብርጭቆ ላይ የእሱ የጣት አሻራ ይወጣል። እዚህ እሱንም ማመን ይከብድሃል።

ልብ የሚሰቅል ማሳደድ ካማረህ ሐኪሙ ጋ ሂድ። ለእኔ ግን እንደ እንቆቅልሽ ዐቃቤ ሕጉ ይበልጣል፤ ብቻ መጨረሻውን ማንም ቀድሞ እንዳይነግርህ።