ለጫጩት የገዛሁት ቴርሞስታት፣ ሳጥኑ ላይ ግን እባብ አለ

ደሴ ላይ የአንድ ቀን ጫጩት የሚያሳድግ ሰው መጀመሪያ የሚገጥመው ብርዱን ነው። ከተማው 2,500 ሜትር አካባቢ ከፍታ ላይ ነው፣ ሌሊቱን ደግሞ ታውቁታላችሁ። ለዚህ ብዬ ፒያሳ ካለ አንድ የኤሌክትሪክ ዕቃ መደብር ሶኬት ላይ የሚሰካ ዲጂታል ቴርሞስታት፣ ማለትም የሙቀት መቆጣጠሪያ፣ ገዛሁ።

ሳጥኑ ላይ የእባብ ሥዕል አለበት። ውጭ አገር እባብ ቤታቸው የሚያሳድጉ ሰዎች የመስታወት ሳጥኑን ሙቀት የሚቆጣጠሩት በዚሁ ዕቃ ነው። እናቴ ሥዕሉን ስታይ «አኡዙ ቢላህ! ደግሞ ይሄን ልታመጣብን ነው?» አለች፤ ሳጥኑም ውጭ አደረ። ነገሩ ግን ይመሳሰላል። እባብ የሚሞቀው ከአካባቢው ነው፣ አዲስ ጫጩትም ላባ እስኪያወጣ ድረስ ሙቀቱን መጠበቅ አይችልም፣ ስለዚህ ለሁለቱም ሞቅ ያለ ጥግና ቀዝቀዝ ያለ ጥግ አዘጋጅቶ እንዲመርጡ መተው ነው።

አሠራሩ ቀላል ነው። ጫጩቶቹን የሚያሞቀውን አምፖል ቴርሞስታቱ ላይ ትሰካላችሁ፣ የምትፈልጉትን ዲግሪ ትሞላላችሁ። ሙቀቱ እዚያ ሲደርስ ያጠፋል፣ ሲወርድ ያበራል። ለመጀመሪያው ሳምንት ከ32 እስከ 35 ዲግሪ፣ ከዚያ በየሳምንቱ 3 ዲግሪ ያህል እየቀነሱ እስከ 21 አካባቢ ማውረድ። መብራት ሄዶ ሲመጣ የተሞላውን አይረሳም፣ ለእኛ ሰፈር ይሄ ብቻውን ዋጋውን ያወጣል። ከሳጥኑ ሲወጣ ግን በፋራናይት ነው የሚያነበው፤ 95 ስታዩ እንዳትደነግጡ፣ 35 ሴልሺየስ ማለት ነው።

ዋናው ጉዳይ ሴንሰሩ ነው፣ በገመድ የተያያዘው ሙቀት የሚለካው ጫፍ። ሻጩ «አብሽር፣ የትም አንጠልጥለው» ብሎኝ ነበር። ኧረ አይሆንም! ይሄ ዕቃ የሚያውቀው ሴንሰሩ ያለበትን ቦታ ብቻ ነው። ላይ አምፖሉ አጠገብ ካደረጋችሁት ቶሎ ያጠፋና ታች ያሉት ጫጩቶች ይበርዳቸዋል። ጫጩቶቹ ካሉበት ሳጥን ሾልኮ ውጭ ወለል ላይ ከወደቀ ደግሞ ይባስ፣ ብርድ ያለ መስሎት ሳያጠፋ ያድራል፣ ጫጩቶቹም ይጠበሳሉ። በጫጩቶቹ ጀርባ ከፍታ፣ ሞቃቱ ጥግ ላይ፣ በሽቦ ጥብቅ አድርጋችሁ እሰሩት፤ ያገኙትን ሁሉ ይነክሳሉ፣ ይጎትታሉ። የሴንሰሩ ገመድ አጭር መሆኑ እዚህ ላይ ያናድዳል።

ሌላው ጉድለቱ ሙቀት ሲያልፍ የሚጮህ ማስጠንቀቂያ የለውም። ውስጡ ያለው ማብሪያ ማጥፊያ ተጣብቆ ከቀረ አምፖሉ እንደበራ ይቀራል፣ የሚነግራችሁም የለም። ስለዚህ ርካሽ ቴርሞሜትር ለብቻ ግዙ፣ ጫጩቶቹንም እዩ። አምፖሉ ሥር ከተከመሩ በርዷቸዋል። ርቀው አፋቸውን ከፍተው ካለከለኩ ሞቋቸዋል። ተበታትነው ከበሉና ከተኙ ተስማምቷቸዋል።

አምፖሉን በኤሌክትሪክ ገመዱ አታንጠልጥሉት። ሰንሰለት ይሁን፣ መያዣውም ሴራሚክ። 250 ዋት ቀይ አምፖል ፕላስቲክ መያዣ ያቀልጣል፣ ሰጋቱራ ወይም ገለባ ላይ ከወደቀ ደግሞ ቤት ያቃጥላል፣ ቴርሞስታትም አያስጥላችሁም።

መብራት በጠፋ ሌሊት ዕቃው ጌጥ ነው። እኔ ጀሪካን ውስጥ ሙቅ ውሃ ሞልቼ፣ በጨርቅ ጠቅልዬ መሀላቸው አስቀምጣለሁ። በተዘጋ ክፍል ከሰል አታስገቡ፤ ጭሱ ባይታይም ጋዙ ጫጩቱንም ሰውንም ይገድላል።

ዋጋው ከአምፖሉ ይበልጣል፣ ቢሆንም ደሴ ላላችሁ ግዙት እላለሁ። ኮምቦልቻ ያላችሁ ደግሞ ከእኛ ዝቅ ብላችሁ፣ ሞቅ ባለ አገር ስለሆናችሁ፣ ቀን ቀን የሚያስቸግራችሁ ብርዱ ሳይሆን ሙቀቱ ነው፤ ለእናንተ ይሄ ዕቃ የሚጠቅመው ለማብራቱ ሳይሆን ለማጥፋቱ ነው።