ደብረ ብርሃን ላይ የሚከራይ የቀረጻ አቅርቦት፦ ምኑን መያዝ፣ ምኑን መተው?

ታርማበር፣ አንኮበር ወይም መንዝ ጓሳ ላይ ፊልም የሚቀርጽ ፕሮዲውሰር ሁሉንም ነገር ከአዲስ አበባ ጭኖ ይወጣል፤ አለዚያም 130 ኪሎ ሜትር ላይ ካለችው ደብረ ብርሃን መኪና፣ ጀነሬተር፣ ምግብና ሰው በአንድ ውል የሚያቀርብ አስተባባሪ ይይዛል። የእኛ ምክር ሰውን፣ ፈረስንና ምግብን ከዚያው መያዝ፣ ጀነሬተርና ኬብል ግን ከአዲስ አበባ ይዞ መውጣት ነው።

የአገልግሎቱ ደካማ ጎን ኃይል ነው። የሚቀርበው አብዛኛውን ጊዜ «5 ኪሎ ዋት» የተጻፈበት የቤንዚን ጀነሬተር ነው። ጽሑፉ የሚናገረው ግን በባሕር ጠለል አካባቢ ያለውን አቅም ነው። ከፍታው ሲጨምር አየሩ ስለሚሳሳ ሞተሩ በየ300 ሜትሩ በግምት 3 በመቶ ጉልበት ያጣል፤ 3,000 ሜትር ላይ በእጃችሁ የሚቀረው 3.5 ኪሎ ዋት ገደማ ነው። ሁለት ባለ1,200 ዋት መብራት፣ ሞኒተርና ቻርጀር አንድ ላይ ሲሰኩበት ሞተሩ ማቃሰት ይጀምራል፣ መብራቱም ይርገበገባል፤ ያ ሾት በኤዲቲንግ አይድንም። ካርቡሬተሩ ለከፍታ ካልተስተካከለ ደግሞ ቤንዚን ስለሚበዛበት ጥቁር ጭስ ይተፋል፣ ካንዴላውም ይጠቁራል። የምትጠቀሙበትን ዋት ደምሩና እጥፉን ያዙ።

ኬብሉም ሌላ ራስ ምታት ነው። ጀነሬተሩ ድምፅ እንዳይገባ ቢያንስ 50 ሜትር ርቆ ከጉብታ ወይም ከግንብ ጀርባ መቀመጥ አለበት። የሚሰጣችሁ የሽቦው ውፍረት 1.5 ስኩዌር ሚሊ ሜትር የሆነ የቤት ኤክስቴንሽን በዚያ ርቀት ይሞቃል፣ ቮልቴጅም ይበላል። 4 ስኩዌር ሚሊ ሜትር ይሁን፤ የተጠቀለለውንም ኬብል ሙሉ በሙሉ ፈታችሁ ዘርጉት።

በሰው በኩል ግን አገልግሎቱ ሙሉ ዋጋውን ያወጣል። የአገሩ ልጅ የሆነ አስተባባሪ የትኛው ገበሬ በርኖስ እንዳለው፣ የማን ፈረስ ከአንጸባራቂ ሰሌዳ እንደማይደነግጥ ያውቃል። ፈረሱን ከቀረጻው አንድ ቀን በፊት ከነኮርቻው አስመጥታችሁ ከሰሌዳውና ከማይኩ ጋር አለማምዱት። አጃቢ ተዋናይ በገበያ ቀን አይገኝም። በ12፣ በ21 እና በ27 ገበሬው ከእርሻ ስለሚያርፍ ሰው እንደልብ ነው፤ የቤተ ክርስቲያኑ ድምፅ ማጉያ ግን ንግግር አያስቀርጽም። እነዚያን ቀናት ንግግር ለሌለው ትዕይንት መድቧቸው።

ጓሳ የማኅበረሰብ ጥብቅ ስፍራ ስለሆነ ፈቃዱ አስቀድሞ ይለቅ። ጭላዳ ዝንጀሮዎች የሚያድሩት ገደል ላይ ነው፤ ፀሐይ ስትሞቅ ወደ ሜዳው ይወጣሉ፣ ሲመሽ ይመለሳሉ። ስለዚህ ቡድኑ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ተኩል ላይ ቦታ ይያዝ። ታርማበር ላይ ከቆላው የሚወጣው ጉም በደቂቃዎች ውስጥ ገደሉን ይጋርዳል፤ ሰፊውን ሾት ማለዳ ጨርሱ፣ ቅርቡን ለከሰዓት አቆዩ።

ምግቡ ጥሩ ነው። ረቡዕና ዓርብ ጾም መሆኑን ውሉ ላይ አስገቡ፤ ማለዳ ላይ ሻይ በፔርሙስ ከዳቦ ጋር ቦታው ድረስ እንዲመጣም አስጽፉ።

ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ሌሊቱ ውርጭ ነው። ብርድ የባትሪን አቅም ስለሚቀንስ ረዳቱ ትርፍ ባትሪዎቹን ጋቢው ውስጥ፣ ከደረቱ ጋር ይያዛቸው። ማታ ካሜራውን ወደ ሞቀ ክፍል ስታስገቡ ቦርሳውን ለአንድ ሰዓት ያህል አትክፈቱ፤ ከከፈታችሁት ሌንሱ ላብ ያወጣል።

ክፍያን በተመለከተ፣ ሙሉውን አስቀድማችሁ አትስጡ፤ ቀብድ ከፍላችሁ ቀሪውን በየቀኑ ማታ፣ የዕለቱን ሥራ ፈርማችሁ ስጡ። ነዳጅ የማን እንደሆነ፣ ጀነሬተር ቢበላሽ በስንት ሰዓት ውስጥ እንደሚተካ፣ ዝናብ ያባከነው ቀን በምን እንደሚታሰብ በጽሑፍ ይስፈር። ሕጋዊ ደረሰኝ የማይቆርጥ አስተባባሪ ዋጋው ቢረክስም አትያዙት፤ ወጪያችሁ በግብር ጊዜ አይያዝላችሁም።