የልጅ ልጄ ስም በፍሬም፦ 35 ፓውንድ ያወጣል?

የልጅ ልጄ ስሙ ሴልቢ ነው። ልጄ በስልክ ስትነግረኝ ሦስት ጊዜ "ማን?" አልኳት። ጓደኛዬማ እንደሰማች "ምነው፣ ሰው ልጁን ሰላቢ ይላል እንዴ?" ብላ በሳቅ ፈረሰች። ሌላዋ ሰልባጅ ነው ትዝ ያላት። እኔም ስቄያለሁ፣ አልዋሽም። ግን አያት ነኝና ወዲያው ወገኔን ለየሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። የልጁ አባት እንግሊዛዊ ነው። የአባትየው እናት የቤተሰብ ስም ከማግባቷ በፊት ሴልቢ ነበር። ወንድም የላትምና ስሙ እሷ ላይ ሊያበቃ ነው። ስለዚህ የኋላውን ስም ወደ ፊት አምጥተው ለሕፃኑ ሰጡት። እንግሊዝ አገር ልጅ በተወለደ በ42 ቀን ውስጥ መመዝገብ አለበት። እነሱ ሲያመነቱ ቆይተው በአርባኛው ቀን አስመዘገቡት። እኛ ክርስትና የምናነሳበት ቀን መሆኑ ነው። (የክርስትና ስሙን የመረጥኩት እኔ ነኝ። እሱ ላይ ማንም አልተከራከረኝም።)

አንደኛ ዓመቱ ሲደርስ ስጦታ ፈለግሁ። ኢንተርኔት ላይ የስም ታሪክ አትሞ፣ ፍሬም ውስጥ አድርጎ የሚልክ ሱቅ አገኘሁ። ስሙን አልጽፈውም፤ የሱ ዓይነት ብዙ ነው። ስም ትጽፋለህ፣ ፍሬም ትመርጣለህ፣ 35 ፓውንድ ትከፍላለህ። እኔ ጥቁሩን መረጥኩ። በአምስተኛው ቀን በሬ ላይ ደረሰ።

መጀመሪያ ጥሩ ጥሩውን። አስተሻሸጉ ግሩም ነው፤ ማዕዘኖቹ ላይ ወፍራም ካርቶን አድርገውበታል። ፍሬሙ እውነተኛ እንጨት ነው፣ ከጀርባው ማንጠልጠያም አለው። ፊቱ ግን መስታወት ሳይሆን ፕላስቲክ ነው። መስኮት አጠገብ ከሰቀልከው ከጽሑፉ ይልቅ ራስህን ነው የምታየው።

አሁን ወደ ጽሑፉ። ከላይ ጋሻ፣ የብረት ቆብና አንበሳ አለ። ከሥር አርጅቶ እንዲታይ የተሞከረ ቡናማ ወረቀት ላይ ሃያ መስመር ያህል ተጽፏል። ሴልቢዎች ከጥንት ጀምሮ ደፋሮች፣ ታማኞችና እንግዳ ተቀባዮች እንደነበሩ ይተርካል። ፈሪና ንፉግ የሆነ ቤተሰብ ስሙ በፍሬም አይሸጥም መሰለኝ። ዓመተ ምሕረት የለም፣ ቦታ የለም። "ሴልቢ ማለት ምን ማለት ነው?" ለሚለው ጥያቄ መልሱ "ክቡር የእንግሊዝ ስም" የሚል ነው። ይኼንንማ ሳልከፍልም አውቀዋለሁ።

ልጄ ቆማ ስታነብ ቆየችና "እማዬ፣ ኪርቢ ማን ነው?" አለችኝ። መነጽሬን አደረግሁ። አሥራ አንደኛው መስመር ላይ "የኪርቢ ቤተሰብ በጦር ሜዳ ያሳየው ጀግንነት" ይላል። የሌላ ደንበኛ ስም ሳይነሳ ቀርቷል! ያው ጽሑፍ ነው፤ ስሙን ብቻ እየቀያየሩ ይሸጡታል። ኪርቢም ሴልቢም እኩል ጀግኖች ናቸው።

ኢሜይል ጻፍኩ። "በስም የታዘዘ ዕቃ አይመለስም" አሉኝ። እዚህ ላይ ልብ በሉ። ሐሳብህን ስለቀየርክ ብቻ ከሆነ እውነታቸውን ነው፤ በስምህ የተሠራን ዕቃ እንዲመልሱልህ ማስገደድ አትችልም። ጉድለት ካለበት ግን ሌላ ነው። እ.ኤ.አ. የ2015ቱ የእንግሊዝ የሸማቾች መብት ሕግ ጉድለት ያለበትን ዕቃ በ30 ቀን ውስጥ መልሰህ ገንዘብህን እንድትቀበል ይፈቅዳል። ይህን ጠቅሼ ስጽፍ ድምፃቸው ለሰለሰ። እኔም አዲስ ወረቀት ይሻለኛል አልኩ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ኪርቢ የሌለበት መጣ። ጀግንነቱ ግን እንዳለ ነው።

ስህተቱን ሳልወደው አልቀረሁም። ኪርቢና ሴልቢን ጎን ለጎን ሳያቸው "ይቺ ቢ ምንድን ናት?" አልኩ። ሰፈራችን ያለው ቤተ መጻሕፍት ገብቼ የቦታ ስሞች መዝገበ ቃላት ጠየቅሁ። በነፃ ነው። ግማሽ ሰዓት ተቀምጬ ከ35 ፓውንዱ ወረቀት የበለጠ ይዤ ወጣሁ።

ቢ የቫይኪንጎች፣ ከሰሜን አውሮፓ በባሕር የመጡት ወራሪዎች ቃል ናት፤ መንደር ወይም የእርሻ ሰፈር ማለት ነው። ዴንማርኮች ዛሬም ከተማን በዚሁ ቃል ይጠሩታል። ቫይኪንጎቹ እ.ኤ.አ. በ866 የሰሜን እንግሊዟን ዮርክን ይዘው በአገሩ ሲሰፍሩ ብዙ መንደር በቋንቋቸው ሰየሙ። ዊትቢ፣ ግሪምስቢ፣ ኳስ ወዳዱ ሁሉ የሚያውቃት ደርቢ ሳይቀር። ኪርቢ የቤተ ክርስቲያን መንደር ነው። ሴልቢ ደግሞ የአኻያ ዛፍ መንደር። አኻያ! ወንዝ ዳር የሚበቅለው፣ በመዝሙሩ ውስጥ ስደተኞቹ መሰንቋቸውን የሰቀሉበት ዛፍ። ይህን ሳነብ ለብቻዬ ሳቅሁ። ሰላቢ ላለችኝ ጓደኛዬ ወዲያው ደወልኩላት።

ከዚህ የሚደንቀው ሌላ ነው። ሴልቢ ዛሬም ያለ ከተማ ነው፤ ከዮርክ በስተደቡብ፣ ኡዝ ወንዝ ዳር። ታዲያ የከተማ ስም እንዴት የሰው ስም ሆነ? እዚያው ሴልቢ ውስጥ የሚኖርን ሰው ማንም "ሴልቢ" ብሎ አይጠራውም፤ ሁሉም የሴልቢ ሰው ነዋ! ስሙ የሚለጠፍብህ ከዚያ ወጥተህ ሌላ አገር ስትገባ ነው። "ያ ከሴልቢ የመጣው ሰውዬ" ይሉሃል፤ ቆይቶ ሴልቢ ብቻ ይሆናል። ከፈረንሳይ የመጡት ኖርማኖች በ1066 እንግሊዝን ከወረሩ በኋላ እንዲህ ያለው ቅጽል ቀስ እያለ ከአባት ወደ ልጅ ይተላለፍ ጀመር። ግብር ሰብሳቢም መዝገብ ይፈልጋል፤ የ1379 የነፍስ ወከፍ ግብር መዝገብ ለዮርክሸር ስሞች አጥኚዎች ትልቅ ሀብት ነው። እንግዲህ የቤተሰቡ የመጀመሪያ ሴልቢ ጋሻና አንበሳ የያዘ ባላባት መሆኑን እንጃ። ሻንጣውን ይዞ ከመንደሩ የወጣ ሰው መሆኑ ግን ከስሙ ይታያል። እንደ እኔ። ወረቀቱ ይህን ቢል ኖሮ አምስት ኮከብ ነበር የምሰጠው።

ስለ ጋሻውም ልንገራችሁ፣ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሸወዳልና። ለንደን ውስጥ በ1484 የተቋቋመ የዓርማ ኮሌጅ የሚባል መሥሪያ ቤት አለ። ዓርማ የሚሰጠው ለአንድ ሰውና ለወንድ ዘሩ እንጂ ለቤተሰብ ስም አይደለም ይላል። "የሴልቢዎች ዓርማ" ብሎ ነገር የለም። የልጅ ልጃችሁ ስሙ ሴልቢ ስለሆነ ብቻ ያንን አንበሳ የኔ ነው ሊል አይችልም።

የኋላ ስምን ለልጅ መስጠት አዲስ ፋሽን ይመስለኝ ነበር። አይደለም። በ1553 እንግሊዝ ላይ ለዘጠኝ ቀን የነገሠችው የጄን ግሬይ ባል ጊልፎርድ ደድሊ ይባላል። ጊልፎርድ የእናቱ ቤተሰብ ስም ነው፤ የኛው ልጅ ደግሞ የአያቱን ወሰደ። (እሱስ መጨረሻው አላማረም፣ በ1554 አንገቱ ተቆረጠ። ለልጄ ይህን ክፍል አልነገርኳትም።) ሸርሊም እንዲሁ ከቦታ ወደ ቤተሰብ ስም፣ ከዚያ ወደ ልጅ ስም የሄደ ነው። በ1849 እንግሊዛዊቷ ደራሲ ሻርሎት ብሮንቴ በልብ ወለዷ ወንድ የጠበቁ ወላጆች ለሴት ልጃቸው የሰጡት ስም አድርጋ ጻፈችው፤ ዛሬ ወንድ ሸርሊ ብታገኝ ትደነግጣለህ። ማንዴላን ትምህርት ቤት የገባ ዕለት አስተማሪው ኔልሰን ያለችውስ? ያም የቤተሰብ ስም ነበር። የእኛ መንገድ ተቃራኒው ነው። የዛሬ ልጅ ስም ነገ የአባት፣ ከዚያ የአያት ስም ይሆንና ከመታወቂያው ላይ ይወርዳል።

ባለፈው ወር ሕፃኑን በጋሪ ይዤ ሴልቢ ሄድኩ። ከሊድስ በባቡር ግማሽ ሰዓት ያህል ነው። በ1069 የተመሠረተው ትልቁ ገዳም ቤተ ክርስቲያን መሀል ከተማ ቆሟል። የመሠረተው በነዲክቶስ የሚባል መነኩሴ ነው፤ ከፈረንሳይ የመጣ። ሦስት ዝይ መሰል ነጫጭ ወፎች ወንዙ ላይ ሲያርፉ አይቶ ቦታው ይህ ነው አለ ይባላል። ላይ ከፍ ብሎ አንድ መስኮት ላይ የጆርጅ ዋሽንግተን ቅድመ አያቶች ዓርማ አለ፦ ሦስት ቀይ ኮከብና ሁለት ቀይ መስመር። የዋሽንግተን ከተማ ባንዲራ ላይ ያለው ነው። አንገቴ እስኪያመኝ ቀና ብዬ ፈለግሁት። ሴልቢ ጋሪው ውስጥ ተኝቷል።

ቤት ስመለስ ወረቀቱን ከፍሬሙ አወጣሁት። በምትኩ በእጄ በአማርኛና በእንግሊዝኛ ጻፍኩ፦ አኻያ፣ መንደር፣ ከዚያ የወጣ ሰው። አንድ ገጽ እንኳ አልሞላም።

ስለዚህ ከአምስት ኮከብ ሁለት እሰጣለሁ። ሁለቱም ለፍሬሙ ናቸው።