የማልታ የጀልባ ጉዞ፦ ትልቁ መርከብ፣ ፈጣኑ ጀልባ ወይስ ርካሿ መሻገሪያ?

በማልታ ስሊማ ባሕር ዳር በአውሮፓ በጋ ስትሄዱ፣ በየጥቂት እርምጃው ጃንጥላ ዘርግቶ የጀልባ ትኬት የሚሸጥ ሰው ታገኛላችሁ። የሚያሳዩት ፎቶ አንድ ዓይነት ነው፤ በነጭ አሸዋ ላይ የተኛ ሰማያዊ ውሃ፣ ጥላዋ ታች ወለሉ ላይ የሚታይ ጀልባ። ፎቶው ውሸት አይደለም። በኮሚኖ ደሴት ያለው ብሉ ላጉን የሚባለው ጥልቀት የሌለው የባሕር ወሽመጥ ፀሐይ ሲያርፍበት ልክ እንደዚያ ነው። ፎቶው የማይነግራችሁ ሌላ ነው፤ እዚያ ለመድረስ ስንት ሰዓት እንደምትቀመጡ፣ ከስንት ሰው ጋር እንደምትጋፉ፣ ፊታችሁን ውሃ ውስጥ ስትነክሩ ዓሣ ይኑር አይኑር።

ስለዚህ አቋሜን ከመጀመሪያው ልናገር። ነፋሻ አየርና ጥሩ ፎቶ ለሚፈልግ ሰው ትልቁ መርከብ ይበቃዋል። ማስክ አጥልቆ ከውሃ በታች ያለውን ማየት ለሚፈልግ ግን ብዙ ጊዜ መጥፎ ግዢ ነው። ስኖርክሊንግ (በዋና ማስክና በመተንፈሻ ቱቦ ፊትን ውሃ ውስጥ ነክሮ መዋኘት) ፈልጋችሁ ከሄዳችሁ የምትገዙት ውሃ ውስጥ የምትቆዩበትን ሰዓት ነው።

ስለ ቦታው ትንሽ

ማልታ ሦስት ዋና ደሴቶች አሏት። ትልቋ ማልታ ራሷ ናት፣ ቀጥላ ጎዞ፣ በሁለቱ መካከል ደግሞ 3.5 ካሬ ኪሎ ሜትር ብቻ የምትሰፋ ኮሚኖ። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 28 ቅዱስ ጳውሎስ መርከቡ ተሰብሮ ያረፈባት ደሴት ይህችው ማልታ እንደሆነች ይታመናል፤ በስሙ የሚጠሩት ትናንሽ ደሴቶችም በሰሜን በኩል ከጀልባ ላይ ይታያሉ። አገሪቱ የሼንገን አባል ስለሆነች ጀርመን፣ ጣሊያን ወይም ስዊድን የመኖሪያ ፈቃድ ላለው ሰው ለአጭር ጉብኝት ሌላ ቪዛ አያስፈልገውም። የእስራኤል ፓስፖርት የያዘም ለአጭር ጉብኝት ያለ ቪዛ ይገባል።

ኤይላት፣ ሁርጋዳ ወይም ምጽዋ ላይ የዋኘ ሰው አንድ ነገር ማወቅ አለበት። እዚህ እንደ ቀይ ባሕር ያለ የኮራል አትክልት ቦታ የለም። ዓሣው ያነሰ ነው፣ ቀለሙም የደበዘዘ። የማልታ ውበት የውሃው ጥራትና ድንጋዩ ላይ ነው። ጥሩ ቀን ላይ ከውሃ በታች እስከ 30 ሜትር ይታያል። የኖራ ድንጋይ ገደሎች፣ ዋሻዎች፣ ብርሃን ሰንጥቆ የሚገባባቸው ቀዳዳዎች፣ ከታች የባሕር ሣር ሜዳ አለ። ቀይ ባሕርን ደገምኩ ብሎ የሚሄድ ሰው ቅር ይለዋል።

ትልቁ የሽርሽር መርከብ

ከስሊማ ወይም ከቡጂባ ጠዋት ይነሳል፣ ወደ ማታ ይመለሳል። ከመቶ ሰው በላይ ይጭናል። ዋጋው በበጋ ለአንድ አዋቂ ብዙ ጊዜ ከ25 እስከ 40 ዩሮ ነው። ጥላ አለው፣ መጸዳጃ ቤት አለው፣ መጠጥ የሚሸጥበት ቡና ቤት አለው፣ አንዳንዱ ከላይኛው ፎቅ ወደ ባሕር የሚያንሸራትት መንሸራተቻም አለው። አያትና ሕፃን ይዞ ለሚሄድ ቤተሰብ ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ሰዓቱን ግን አስሉት። ከስሊማ ኮሚኖ ለመድረስ በእንደዚህ ዓይነት መርከብ ወደ አንድ ሰዓት ተኩል ይፈጃል። ደርሶ መልስ ሲሆን ሦስት ሰዓት ሄደ። «ኮሚኖና ጎዞ በአንድ ቀን» የሚለውን ከገዛችሁ ደግሞ ጎዞ ላይ ለጥቂት ሰዓት ትወርዳላችሁ፤ ከወደቡ ወደ ከተማ የሚወስደው አውቶቡስም ብዙ ጊዜ ለብቻው ይከፈላል። በመጨረሻ ለዋና የሚቀረው ሰዓት ተኩል ወይም ሁለት ሰዓት ነው። እሱም በቀኑ አጋማሽ፣ ሌሎቹ መርከቦች ሁሉ በደረሱበት ሰዓት።

ሌላው ነገር ብሉ ላጉን ራሱ ነው። ወለሉ በአብዛኛው አሸዋ ነው። ውሃውን ያን ያህል የሚያበራውም ይኸው አሸዋ ነው። ዓሣ ግን መደበቂያ ድንጋይና ሣር ይፈልጋል። ስለዚህ በጣም የሚያምረው ቦታ ለስኖርክሊንግ በጣም ጥሩው ቦታ አይደለም። ይህን የሚነግራችሁ ሻጭ አላየሁም።

ካታማራን

ካታማራን ዋጋው ከፍ ይላል፤ ምሳ ሲጨመርበት ብዙ ጊዜ ከ50 እስከ 80 ዩሮ ይደርሳል። ጎን ለጎን የተያያዙ ሁለት የጀልባ አካላት ስላሉት ብዙም አይናወጥም፤ ባሕር የሚያዞረው ሰው ይህን ቢመርጥ ደግ ነው። ከፊት ለፊት በተወጠረው መረብ ላይ ጋደም ብሎ መሄድም ደስ ይላል። ብዙዎቹ ሁለት ቦታ ቆመው ያዋኛሉ፣ ማስክም ያበድራሉ።

ከመክፈላችሁ በፊት የጉዞው ዓይነት ምን እንደሆነ ጠይቁ። «መጠጥ ያለ ገደብ» የሚል ጽሑፍ ካያችሁ፣ ሙዚቃው ከፍተኛ፣ ተሳፋሪው ወጣት የሆነበት ጭፈራ ነው። ለአንዳንዱ ሰው ይህ ጥሩ ዜና ነው። ልጆች ይዛችሁ ከሆነ ግን ሌላ ፈልጉ። ጠጥቶ ባሕር ውስጥ መግባት ደግሞ ለማንም አይበጅም።

የምሳውም ነገር አለ። የፍልሰታ ጾም፣ በአውሮፓ አቆጣጠር ከኦገስት 7 እስከ 21፣ ልክ የበጋው ገበያ ጣራ በሚነካበት ወቅት ላይ ይውላል። በጀልባ ላይ የሚቀርበው ምሳ ደግሞ ብዙ ጊዜ ፓስታ፣ ዶሮና የአሳማ ሥጋ ያለበት ሳንድዊች ነው። የምትጾሙ ከሆነ ወይም ሐላል ብቻ የምትበሉ ከሆነ አስቀድማችሁ ጻፉላቸው፤ ካልሆነ ምሳ የሌለበትን ርካሽ ትኬት ገዝታችሁ የራሳችሁን ያዙ። ኦገስት 15ን ግን ማንም ቢሆን ቢያስወግደው እመክራለሁ። ማልታውያን የእመቤታችንን ዕርገት በዚያ ቀን ያከብራሉ፤ ሳንታ ማሪያ ይሉታል። አገሩ በሙሉ ወደ ባሕር ይወጣል።

ፈጣን ጀልባ

የእኔ ምርጫ ይህ ነው። ከአስር እስከ ሃያ ሰው የሚጭን ትንሽ ጀልባ፣ ከሁለት እስከ አራት ሰዓት የሚፈጅ ጉዞ። ዋጋው እንደ ርዝመቱ ከ30 እስከ 60 ዩሮ አካባቢ ነው። በሰዓት ሲካፈል ውድ ይመስላል፤ ውሃ ውስጥ በምትቆዩበት ደቂቃ ሲካፈል ግን ብዙ ጊዜ ከትልቁ መርከብ ይረክሳል።

ምክንያቱ ቀላል ነው። ትንሽ ጀልባ ትልቁ የማይገባበት ይገባል። ከብሉ ላጉን አለፍ ብሎ ክሪስታል ላጉን አለ፤ በገደል የተከበበ፣ ውሃው ጠለቅ ያለ፣ ግድግዳው ዋሻ ያለበት። ከኮሚኖ ሰሜን ምሥራቅ ደግሞ የሳንታ ማሪያ ዋሻዎች አሉ። እዚያ ዓሦቹ ጀልባ ለምደዋል፤ ማስኩን አጥልቃችሁ እንደገባችሁ በመንጋ ይከቧችኋል። ጎበዝ ዋናተኛ ከሆናችሁና ውሃው ከጠራ፣ ፒ 31 የምትባለውን የጥበቃ መርከብም ጠይቁ። እ.ኤ.አ. በ2009 ሆን ተብሎ ለጠላቂዎች እንድትሰምጥ የተደረገች ናት፤ በ20 ሜትር ገደማ ጥልቀት አሸዋ ላይ ተቀምጣለች። ከላይ ሆኖ ቅርጿን ማየት ይቻላል።

ጉድለቱን ደግሞ እንናገር። መጸዳጃ ቤት ብዙ ጊዜ የለም። ጥላም የለም ማለት ይቻላል። ማዕበል ካለ ጀልባው እየዘለለ ይሄዳል፤ ነፍሰ ጡር ወይም የጀርባ ሕመም ያለበት ሰው አይሳፈር። ዕቃችሁም ይረጥባል፤ ስልክ የሚከት ውሃ የማያስገባ ቦርሳ ያስፈልጋል።

መሻገሪያዋ

ገንዘብ መቆጠብ ለሚፈልግና ለራሱ ጊዜ አዛዥ መሆን ለሚወድ ሰው ይህቺን የሚያህል የለም። በአውቶቡስ ወደ ማልታ ሰሜን ጫፍ፣ ወደ ቺርኬዋ ወይም ማርፋ ትሄዳላችሁ። ከዚያ ትናንሽ ጀልባዎች በ20 ደቂቃ አካባቢ ኮሚኖ ያደርሳሉ። ደርሶ መልሱ በአብዛኛው ከ20 ዩሮ አይበልጥም። አንዳንዶቹ ሲመለሱ በዋሻዎቹ በኩል ያዞሯችኋል።

ጥቅሙ በሰዓት ነው። በመጀመሪያዋ ጀልባ ከሄዳችሁ ትልልቆቹ መርከቦች ከመድረሳቸው በፊት ውሃው የእናንተ ነው ማለት ይቻላል። ከሰዓት በኋላ አራት ሰዓት ተኩል (በእኛ አሥር ሰዓት ተኩል) ካለፈም ሕዝቡ ይቀንሳል፤ ብርሃኑም ደስ ይላል። የመጨረሻዋ ጀልባ ስንት ሰዓት እንደምትነሳ ግን ከመውረዳችሁ በፊት ጠይቁ።

አንድ አዲስ ሕግ አለ። ከእ.ኤ.አ. 2025 በጋ ጀምሮ ብሉ ላጉን ላይ ወደ መሬት ለመውረድ አስቀድሞ በኢንተርኔት፣ በነፃ፣ ሰዓት መርጦ መመዝገብ ያስፈልጋል። ስትደርሱ ኮዱን አሳይታችሁ የእጅ ማሰሪያ ትቀበላላችሁ። ከጀልባ ሳይወርድ ውሃ ውስጥ ብቻ ለሚዋኝ ይህ አይጠየቅም። ትኬት ስትገዙ ምዝገባውን እነሱ ይጨርሱት እንደሆነ ወይም ለእናንተ የተተወ እንደሆነ አጣሩ። ማስክም እዚህ የራሳችሁ ነው፤ ብዙ ሰው ሲነክሰው የኖረውን ቱቦ አፍ ውስጥ ከመክተት ይህ ይሻላል።

የግል ጀልባ ከነነጂው ለግማሽ ቀን ብዙ ጊዜ ከ300 ዩሮ በላይ ነው። ስድስት ስምንት ሆናችሁ ከተካፈላችሁ ከካታማራን ጋር ይቀራረባል፤ ሁለት ብቻ ከሆናችሁ አይዋጣም።

ብሉ ግሮቶን ከእነዚህ ጋር አትደባልቁት። በደቡብ በኩል፣ ከዊድ ኢዝ ዙሪቅ፣ ትናንሽ ጀልባዎች ለ20 ወይም 25 ደቂቃ ዋሻዎቹን ያስጎበኛሉ። ግሩም ነው፣ በተለይ ጠዋት። ዋና ግን የለበትም።

ዋና የማይችል ሰውስ?

ብዙዎቻችን ከባሕር ርቀን ነው ያደግነው። የሆቴል ገንዳ ውስጥ ወይም ላንጋኖ ዳር እግር አርጥቦ መመለስ ዋና አይደለም። ይህ የሚያሳፍር አይደለም፤ ሲገዙ መደበቅ ግን አደገኛ ነው። ስኖርክሊንግ ዋና ለማይችል ሰው ይቻላል፣ ግን በቦታ ይወሰናል። ክሪስታል ላጉን ውሃው አያስቆምም። ብሉ ላጉን ግን ዳርቻው አካባቢ እግር የሚቆምበት ስፍራ አለው፤ ለጀማሪ መሻገሪያዋን የምመክረው ለዚህም ነው። በጀልባ ከሄዳችሁ ሕይወት አድን ሰደርያ ለዋና የሚሰጡ መሆኑን ጠይቁ። ለአደጋ ብቻ የተቀመጠው ወፍራሙ ብርቱካናማ ሰደርያ ፊትን ወደ ላይ ስለሚገፋ ለስኖርክሊንግ አይመችም።

ማስክ የሚያስገባው ውሃ አብዛኛውን ጊዜ ከፀጉር ነው። ከግንባር በኩል አንዲት ዘለላ ውስጥ ከቀረች ውሃ ይገባል። ሹሩባ የተሠራችሁ ከሆነ ማሰሪያውን ከጉንጉኑ በታች አድርጉት፤ ጢም ያለው ደግሞ ከንፈሩ ላይ ትንሽ ቫዝሊን ይቀባ። ጀልባው ወደ ውሃ የሚወርድ መሰላል ያለው መሆኑንም መጠየቅ አትርሱ። መግባት ቀላል ነው፤ ደክሞ መውጣት ነው ችግሩ።

ወሩና ነፋሱ

ባሕሩ ኦገስት ላይ ወደ 26 ዲግሪ ይሞቃል። ሜይ ላይ ገና 19 አካባቢ ነው፤ ፀሐዩ ያታልላል እንጂ ውሃው ያንቀጠቅጣል። ኦክቶበር መጀመሪያ ላይ ግን ባሕሩ ገና ለብ ያለ ነው፣ ሕዝቡ ቀንሷል፣ ዋጋውም ይወርዳል። መምረጥ የምትችሉ ከሆነ ሴፕቴምበር አጋማሽና ከዚያ ወዲህ ያለውን ያዙ። ሐምራዊ ቀለም ያላት ተናዳፊ ጄሊፊሽ አንዳንድ ቀን ትመጣለች፤ ነጂውን ጠይቁት፣ የትኛው ጎን ንጹሕ እንደሆነ ያውቃል።

በማስታወቂያው ላይ ባሕር ላይ የቆመ ግዙፍ የድንጋይ በር ካያችሁ ደግሞ ሻጩ ፎቶውን አላደሰም ማለት ነው። የጎዞው አዙር ዊንዶው ማርች 8 ቀን 2017 ተንዶ ባሕር ገብቷል።

ነፋሱ ብዙ ጊዜ ከሰሜን ምዕራብ ነው የሚመጣው። ሲበረታ መንገድ ይቀየራል ወይም ጉዞው ይሰረዛል። ስለዚህ የጀልባ ቀናችሁን ለመጨረሻው ቀን አታስቀምጡ፤ ቢሰረዝ የምታዛውሩበት ቀን ይኑራችሁ። በአየር ጠባይ ቢሰረዝ ገንዘቡ ይመለሳል ወይስ ሌላ ቀን ብቻ ነው የሚሰጡት? መልሱ ትኬቱ ላይ ካልተጻፈ ወደሚቀጥለው ጃንጥላ እለፉ።