«ሃይ-ሃንዲድ» ወይስ «ሄቪ-ሃንዲድ»?

ሁለቱም የእንግሊዝኛ ቅጽሎች (high-handed እና heavy-handed) «እጅ» ከሚለው ቃል የተሠሩ ናቸው፤ ሁለቱም ለነቀፋ ያገለግላሉ። የሚነቅፉት ግን የተለያየ ጥፋት ነው።

«ሃይ-ሃንዲድ» ማን አለብኝ ባይነትን ይነቅፋል። ሠራተኞቹን ሳያማክር የሥራ ሰዓት የሚቀይር አለቃ ሃይ-ሃንዲድ ነው፤ ድምፁን ባያሰማ፣ ማንንም ባይቀጣም እንኳ። ጥፋቱ ሥልጣኑን የተጠቀመበት መንገድ ነው።

«ሄቪ-ሃንዲድ» የሚነቅፈው የመጠን መብዛትን ነው፤ አገልግሎቱም በጣም ሰፊ ነው። ሰላማዊ ሰልፍን በዱላ የሚበትን ፖሊስ፣ ትምህርቱን በየገጹ የሚደጋግም ልብ ወለድ፣ ወጥ ላይ ጨው የሚያበዛ ሰው፣ ሁሉም በዚህ ቃል ይገለጻሉ። ስለ ጨው ሲነገር ከቅጽሉ ቀጥሎ «ዊዝ» ይገባል፦ «ሄቪ-ሃንዲድ ዊዝ ዘ ሶልት»። እዚህ ቦታ «ሃይ-ሃንዲድ» ብሎ መጻፍ ፍጹም ስህተት ነው፤ ጨው ማብዛት ከሥልጣን ጋር አይገናኝም።

ብዙ ተማሪ የሚሳሳተው ፖሊስና መንግሥት ላይ ነው፤ ሁለቱም ቃላት እዚያ ይገባሉና። መለያው ቀላል ነው፦ ቅሬታው «ለምን አልጠየቁንም?» ከሆነ «ሃይ-ሃንዲድ»፣ «ለምን ይህን ያህል?» ከሆነ «ሄቪ-ሃንዲድ» ይጻፍ። አንድ ውሳኔ ሁለቱንም ሊሆን ይችላል።

የ1611ዱ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ቅዱስ በዘጸአት 14፥8 እስራኤላውያን «በከፍተኛ እጅ» («ሃይ ሃንድ») ወጡ ይላል። እዚያ ትርጉሙ ድፍረትና ድል ነው። የዛሬውን «ሃይ-ሃንዲድ» ለምስጋና ብትጠቀሙበት ግን አንባቢው ስድብ አድርጎ ይወስደዋል።