ለዮትሱጊ ባቡር ጣቢያ ሠራተኞች፦ ስለ እናቴ ቦርሳ እግዜር ይስጥልኝ

ሰላም ወገኖቼ። ይህን የምጽፈው ቶኪዮ ለምትኖሩና ዘመድ ልትጠይቁ ለምትመጡ ነው። የዮትሱጊ ባቡር ጣቢያ ሠራተኞች ትልቅ ውለታ ውለውልኛል። በጃፓንኛ ደጋግሜ አመስግኛቸዋለሁ፣ ግን ልቤ አልረካም። በራሴ ቋንቋም ልናገረው።

ዮትሱጊ ካትሱሺካ ክፍለ ከተማ ውስጥ፣ አራካዋ ወንዝን ተሻግሮ ያለች ትንሽ ጣቢያ ናት። ኬይሴይ በሚባለው የባቡር ድርጅት ኦሺያጌ መስመር ላይ እ.ኤ.አ. ከ1912 ጀምሮ አለች። ፈጣኖቹ ባቡሮች ሽው ብለው ያልፏታል፣ የሚቆምባት በየጣቢያው የሚቆመው ብቻ ነው። ሰፈሩ ውስጥ ያደገ ሰዓሊ የፈጠራቸው የእግር ኳስ ካርቱን ልጆች ጣቢያዋን አስጊጠዋታል። እኛ ሐበሾች ደግሞ እዚህ አካባቢ ብዙ ነን፣ እንጀራ የሚበላበት ቤትም አለ። ስለዚህ ነገሩ ብዙዎቻችሁን ይመለከታል።

እናቴ ከአዲስ አበባ ልትጠይቀኝ መጥታ ነበር። ጉልበቷን ስለሚያማት በምርኩዝ ነው የምትሄደው። አንድ ቅዳሜ አሳኩሳ ወስጃት ውለን አመሻሽ ላይ ተመለስን። ከአሳኩሳ ዮትሱጊ ድረስ ባቡር መቀየር የለም፣ የምድር ውስጡ ባቡር ራሱ ከመሬት ወጥቶ በኬይሴይ ሐዲድ ይቀጥላል። ባቡሩ ጢም ብሏል። አንድ ወጣት ተነስቶ አስቀመጣት፣ እኔም ቦርሳዋን ከላይ ካለው የዕቃ መደርደሪያ ላይ አደረግሁት። ዮትሱጊ ስንደርስ ሐሳቤ ሁሉ እሷ እንዳትወድቅ ነበር። በአንድ እጄ ክንዷን፣ በሌላው ምርኩዟን ይዤ ወረድን። በሩ ተዘጋ። ሊፍቱ ጋ ደርሰን «ቦርሳዬስ?» አለችኝ።

ክው አልኩ። ቦርሳው ውስጥ የደም ግፊት መድኃኒቷ አለ፣ ነጠላዋ አለ፣ ከሁሉም በላይ ፓስፖርቷ አለ። ጃፓን ውስጥ ለጉብኝት የመጣ ሰው ፓስፖርቱን ከእጁ እንዳይለይ ሕጉ ያስገድዳል፣ ቤት አስቀምጪው ማለት አልቻልኩም። የመመለሻ በረራዋ ደግሞ ቀርቧል። ከዓመታት በፊት ሌላ አገር አውቶቡስ ውስጥ ቦርሳ ጠፍቶብኝ፣ አንድ ሳምንት ስልክ ስደውል «አላየንም» ከማለት በቀር የሰማኝ ሰው አልነበረም። እሱ ትዝ አለኝና ተስፋ ቆረጥኩ።

ትኬት የሚነካበት በር አጠገብ ያለው መስኮት ጋ ሄድኩ። መነጽር ያደረጉ፣ ዕድሜያቸው ሃምሳን ያለፈ የሚመስሉ ሠራተኛ ነበሩ። «ዋሱሬሞኖ» አልኳቸው፣ ረስቼ የተውኩት ዕቃ ማለት ነው። አልተቆጡም፣ ፊታቸውንም አላጠቆሩብኝም። ወዲያው ወረቀትና እርሳስ አነሱ። በስንት ሰዓት ወረዳችሁ? ወዴት የሚሄድ ባቡር ነው? ስንተኛው ፉርጎ? ስንተኛው በር? ፉርጎውን ከየት ልወቀው። የማስታውሰው ከሊፍቱ ብዙም ሳንርቅ መውረዳችንን ብቻ ነው። እሳቸው ግን ያንን ሰምተው ትንሽ አሰቡና የፉርጎውን ቁጥር ራሳቸው ጻፉት። ጣቢያውን እንደ ቤታቸው ያውቁታል።

ቀጥሎ ውስጡ ምን እንዳለ ጠየቁኝ። መድኃኒትና ፓስፖርት ቀላል ነው። ነጠላ ግን በጃፓንኛ ምን ይባላል? ነጭ ጨርቅ ብዬ ቀረሁ። ይሄኔ እማዬ የለበሰችውን መሰሉን ነጠላ ጫፍ ወደ መስኮቱ ዘርግታ ጥለቱን አሳየቻቸው። ሰውየው ጎንበስ ብለው አዩትና ከወረቀቱ ጥግ ላይ ጥለቱን በእርሳስ ሣሉት! አረንጓዴና ወርቃማ መሆኑንም ከጎኑ ጻፉ። ያቺን ትንሽ ሥዕል መቼም አልረሳትም። አንድ ሰው የእናቴን ጨርቅ ከቁም ነገር ቆጥሮ እንዲህ ሲጠነቀቅለት ሳይ ዓይኔ እንባ አቀረረ።

ከዚያ ስልክ አነሱ። እማዬን ወንበር አውጥተው አስቀመጧት። ሩብ ሰዓት እንኳ አልሞላም፣ ቦርሳው ከዮትሱጊ ሦስተኛ ጣቢያ ታካሳጎ ላይ ተገኝቷል ተባለ። የዚያ ጣቢያ ሠራተኛ ባቡሩ ውስጥ ገብቶ መደርደሪያው ላይ አገኘው። «እናትህ እዚህ ይጠብቁህ፣ አንተ ሄደህ አምጣው» አሉኝ። ታካሳጎ ስደርስ ቦርሳው ቁጥር ተለጥፎበት ጠበቀኝ። መታወቂያዬን አሳየሁ፣ ፈረምኩ፣ አለቀ። አንድ የን አልተጠየቅኩም። ስመለስ እማዬ ቆማ «ተባረኩ፣ ልጅ ይውጣላችሁ» እያለች ትመርቃቸዋለች፣ እሳቸው ቃሉን ሳይሰሙ ዝቅ ብለው እጅ ይነሳሉ። ጉርሻ ልስጥ ብትል ከለከልኳት፣ እዚህ አገር አይቀበሉም።

እናንተም ብትረሱ እንዲህ አድርጉ። ቋንቋ አልችልም ብላችሁ ወደ ቤት አትሂዱ፣ እዚያው መስኮቱ ጋ ሂዱና «ዋሱሬሞኖ» በሉ። የወረዳችሁበትን ሰዓት ያዙ፣ ምክንያቱም ባቡሩን የሚለዩት በእሱ ነው። ወደ መሀል ከተማ በሚሄደው ባቡር ላይ ከሆነ ደግሞ ይበልጥ ፍጠኑ፣ ያ ባቡር በሦስት ድርጅት ሐዲድ አልፎ ሃኔዳ አውሮፕላን ማረፊያ ድረስ ሊሄድ ይችላል። በዕለቱ ባይገኝም ተስፋ አትቁረጡ። ጣቢያ የቆየ ዕቃ ለፖሊስ ይተላለፋል፣ እ.ኤ.አ. ከ2007 ወዲህ ባለው ሕግ ደግሞ በጠቅላላው 3 ወር ይጠበቃል። የቶኪዮ ፖሊስ የጠፋ ዕቃ ማዕከል ኢዳባሺ ነው።

አንድ ሌላ ነገር ልጨምር። እኚያው ሠራተኛ እማዬ ስታነክስ አይተው ኖሯል፣ «ወደ አየር ማረፊያ ስትሄዱ ቀደም ብላችሁ ንገሩን» ብለውኝ ነበር። እውነት ለመናገር ለምን እንደሆነ አልገባኝም። የመሄጃዋ ቀን ከጓደኛዬ ዊልቸር ተውሼ፣ ባቡሩ ከመምጣቱ 15 ደቂቃ በፊት ደረስን። አንዲት ወጣት ሠራተኛ የት እንደምንወርድ ጠየቀችኝ። ወደ ናሪታ የሚሄደው ፈጣኑ ዮትሱጊ ስለማይቆም አኦቶ ላይ መቀየር አለብን። ስልክ ደወለች። ታጣፊ ሰሌዳ በብብቷ ይዛ አብራን ወጣች፣ ባቡሩ ሲቆም በሩና መሬቱ መካከል ዘረጋችው፣ ዊልቸሩ ሳይነቀነቅ ገባ። ሰሌዳውን አጠፈች፣ ግራና ቀኙን በጣቷ እየጠቆመች ጮክ ብላ ሰላም መሆኑን አረጋገጠች፣ ከዚያ እጇን አነሳች። በሩ ተዘጋ። እማዬ በመስኮቱ እጇን እየሳመች ተሰናበተቻት።

ሁለት ጣቢያ ነው። «እዚያስ ማን ያወርደኛል?» እያለች ነበር። አኦቶ ደርሰን በሩ ሲከፈት፣ ልክ እኛ ካለንበት በር ፊት ለፊት ሌላ ሠራተኛ ሰሌዳውን ይዞ ቆሟል።